እጁ የማይቆመው ልጅ፦ ካሜራ የወላይታን ሊስትሮ እንዴት አየው?

በዓለም ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ በፎቶግራፍ የታየው ሰው ንጉሥ አልነበረም። ጄኔራልም ጳጳስም አልነበረም። ጫማውን የሚያስጠርግ መንገደኛ ነበር።

ሉዊ ዳጌር የተባለው ፈረንሳዊ እ.ኤ.አ. በ1838 ከፎቅ ቤቱ መስኮት ላይ ሆኖ ቡልቫር ዱ ታምፕል የሚባለውን የፓሪስ ጎዳና አነሳ። በዚያን ጊዜ አንድ ፎቶ ለመቅረጽ ደቂቃዎች ይፈጅ ነበር። በጎዳናው ላይ ይርመሰመሱ የነበሩት ጋሪዎች፣ ፈረሶችና እግረኞች ብርሃኑ እስኪይዛቸው አልቆሙምና ሁሉም ሳይታዩ ቀሩ። ከዚያ ሁሉ ግርግር ለይቶ የታየው ጥግ ላይ ቆሞ አንድ እግሩን ከፍ ያደረገ ሰው ነው። የታየውም ጫማው ተጠርጎ እስኪያልቅ መቆም ስለነበረበት ነው። ከእግሩ ሥር ያለው ጠራጊስ? እሱም አለ፤ ግን ብዥታ ነው። እጁ ስለማይቆም ካሜራው በደንብ አልያዘውም።

የሠራተኛና የካሜራ ታሪክ ገና ከመጀመሪያው ገጽ እንዲህ ነበር። የሚገለገለው ይታያል፣ የሚሠራው ይደበዝዛል።

ነገሩ ፓሪስ ላይ ቀርቶ ቢሆን ኖሮ ለጨዋታ ያህል የሚነሳ ወሬ በሆነ። ግን አልቀረም። ዛሬም ከዳሞታ ተራራ ግርጌ፣ ወላይታ ሶዶ ከተማ ውስጥ፣ ሣጥኑን አስቀምጦ የመንገደኛ ጫማ የሚጠርግ ልጅ አለ። ጓደኛው ቦዲቲ ነው፤ ታላቅ ወንድሙ ሐዋሳ፣ የአጎቱ ልጅ ደግሞ አዲስ አበባ መርካቶ። በአገራችን ከተሞች «ሊስትሮ» ሲባል ለብዙ ሰው ቶሎ ወደ ሐሳቡ የሚመጣው ከወላይታ የመጣ ልጅ ነው። በቴሌቪዥን ድራማ፣ በኮሜዲ፣ በእርዳታ ድርጅት ፖስተር፣ አሁን ደግሞ በቲክቶክ ይህን ልጅ ደጋግመን አይተነዋል። ምኑን እንዳየን ግን ጠይቀን አናውቅም።

ቃሉ ራሱ የሚናገረው አለ። «ሊስትሮ» ከጣሊያንኛ የመጣ ሲሆን መነሻው ማብረቅረቅን፣ ማንጸባረቅን የሚገልጽ ቃል ነው። ስያሜው የወጣው ለጫማው ነው፤ ልጁ በጫማው ስም ነው የሚጠራው። ቃሉን ያወረሱን ጣሊያኖች በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ተሸንፈው ሲደኸዩ የራሳቸው ልጆች ሮም ጎዳና ላይ ተቀምጠው የአሜሪካ ወታደር ጫማ ጠርገዋል። ቪቶሪዮ ዴ ሲካ እ.ኤ.አ. በ1946 «ሹሻ» በተባለው ፊልሙ ያሳየው እነዚህን ልጆች ነው። ሁለት ጫማ ጠራጊ ልጆች ፈረስ ለመግዛት ገንዘብ ያጠራቅማሉ፤ አዋቂዎች በጠነሰሱት ወንጀል ተጠልፈው የልጆች እስር ቤት ይገባሉ። ፊልሙ በሆሊውድ የኦስካር ልዩ ሽልማት አግኝቷል። ትልቁ ነገር ግን ካሜራው ከልጆቹ አለመለየቱ ነው፤ ከጎዳናው ተከትሏቸው እስር ቤት ድረስ ገብቷል። የኛ ካሜራ ከሊስትሮው ጋር እስከ የት ሄዷል?

▪️ የመጀመሪያው ካሜራ ከጦር ጋር መጣ

ካሜራ ወደ ወላይታ የገባበት መንገድ የሰላም አልነበረም። በ1887 ዓ.ም. ዐፄ ምኒልክ በወላይታው ንጉሥ በካዎ ጦና ላይ ሲዘምቱ ቫንደርሄይም የተባለ የፈረንሳይ ኩባንያ የንግድ ወኪል ከሠራዊቱ ጋር ተጉዟል። ብዕርም ካሜራም ይዞ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1896 ፓሪስ ላይ የታተመው የጉዞ መጽሐፉ ራሱ ባነሳቸው ፎቶግራፎች የተደገፈ ነው። ስለ ወላይታ ከሚታወቁት የመጀመሪያዎቹ የካሜራ ምስክርነቶች አንዱ ይኸው ነው። ጦርነቱን፣ እልቂቱን፣ የተነዱትን ከብቶች፣ በምርኮ የተወሰዱትን ሴቶችና ሕፃናት መዝግቧል። ካዎ ጦና ቆስለው ተማረኩ፤ የወላይታ መንግሥትም በዚሁ አበቃ።

እንግዲህ የወላይታ ልጆች በብዛት ወደ ሰሜን ያቀኑበት አንዱ የቀድሞ መንገድ የምርኮ መንገድ ነበር። ባርነት በአገሪቱ በሕግ የተሻረው በ1934 ዓ.ም. ነው። በመሬቱ ላይ የቀረው ደግሞ ለባለ መሬትና ለሹም የሚገብር፣ በነፃ ጉልበቱን የሚሰጥ ገባር ሆነ። ልጅም የዚያ ጉልበት አካል ነበር፤ ከብት ይጠብቃል፣ ውሃ ይቀዳል፣ እንጨት ይለቅማል።

ከዚያ ዘመን ተነስቶ እስከ ዛሬው ሊስትሮ ድረስ ቀጥታ መስመር መዘርጋት ስህተት ይሆናል። የዛሬው ልጅ ምርኮኛ አይደለም። ዘመድ ተከትሎ፣ የሰፈር ልጅ ተከትሎ፣ አንዳንዴም ለቤተሰቡ ሳይናገር መኪና ተሳፍሮ ይመጣል። አንድ ነገር ግን አልተለወጠም። ፎቶ አንሺው የሚመጣው ከጉልበተኛው ወገን ነው፤ ፎቶውን ይዞ ይሄዳል፣ ፎቶው የሚታየውም የተነሳው ሰው በማይደርስበት ቦታ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1928 የፕሮቴስታንት ሚስዮናውያን ሶዶ ደርሰው ጣቢያ ሲከፍቱ ሌላ ዓይነት ካሜራ መጣ። ሚስዮናውያኑ ሕክምናና የፊደል ትምህርት አስፋፍተዋል፤ ዛሬ ኦቶና የሚባለው ሆስፒታል ሥሩ ከዚያ ይመዘዛል። የዘመኑ የሚስዮን ፎቶ ልማድ ግን በሁሉም የአፍሪካ ክፍል ተቀራራቢ ነበር፦ በአንድ በኩል የታመመው ልጅ፣ በሌላ በኩል የዳነው፤ በአንድ በኩል ያልተማረው፣ በሌላ በኩል ደብተር ይዞ የተሰለፈው። ፎቶው የሚላከው ባሕር ማዶ ላለ ገንዘብ ለጋሽ ነው። ልጁ በሁለቱ ፎቶዎች መካከል፣ በእርሻውና በከብቱ መሐል ያሳለፈው ቀን በፎቶው ውስጥ ቦታ የለውም።

በ1940ዎቹ አጋማሽ የወንጂ ስኳር ፋብሪካ ሥራ ሲጀምር ከከምባታ፣ ከሐዲያና ከወላይታ ብዙ ወጣቶች ለአገዳ ቆረጣ ወረዱ። ለአገሪቱ የሥልጣኔ ምልክት ሆኖ የታየው ፋብሪካው ነበር። ለወላይታ ግን ወንጂና የአዋሽ ሸለቆ እርሻዎች ሌላ ነገር አስተማሩ፦ መሬት ሲጠብ ጉልበትን ይዞ መሄድ። የሊስትሮው ጉዞ የዚያ ትምህርት ልጅ ነው።

▪️ ሁለት መስከረሞች

ምስል በኢትዮጵያ ፖለቲካ ምን ያህል ጉልበት እንዳለው ለማየት ሁለት መስከረሞችን ማስታወስ ይበቃል።

የመጀመሪያው መስከረም 1967 ዓ.ም. ነው። እንግሊዛዊው ጆናታን ዲምብልቢ በወሎ ረሃብ ላይ የሠራውን «ያልታወቀው ረሃብ» የተባለ ፊልም ደርግ ከቤተ መንግሥት ግብዣ ምስሎች ጋር አቀናብሮ በአዲስ ዓመት ዕለት በቴሌቪዥን አሳየው። በማግሥቱ፣ መስከረም 2፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። ሠዓሊ እሸቱ ጥሩነህም ያንኑ ረሃብ በትልቅ ሸራ ላይ ሥለውታል፤ በብሔራዊ ሙዚየም ያየው ሰው ያንን የሰው ሰልፍ አይረሳውም። ምስል ዙፋን ነቀነቀ። በምስሉ ውስጥ ያሉት ሰዎች ስም ግን አልተመዘገበም።

ሁለተኛው መስከረም 1977 ዓ.ም. ነው። የአብዮቱ አሥረኛ ዓመት ሲከበር አዲስ አበባ ላይ የትግላችን ሐውልት ተመረቀ። በዚያና በዘመኑ ፖስተሮች ላይ የሚታየው ወዛደር ክንዱ ፈርጣማ፣ ደረቱ ሰፊ፣ ዓይኑ ሩቅ የሚያይ ነው። መዶሻ ይይዛል፤ ገበሬው ማጭድ። የፓርቲው ጋዜጣ ስም እንኳ «ሠርቶ አደር» ነበር። በዓሉ አልፎ ወር ከጥቂት ቀናት ሲሆን፣ ጥቅምት 13፣ ኬንያዊው ካሜራማን መሐመድ አሚንና የቢቢሲው ማይክል ቡርክ ከኮረም ይዘው የወጡትን ዓለም አየው። ፈርጣማው ክንድና የኮረም ሕፃን በአንድ አገር፣ በአንድ ሰሞን የወጡ ምስሎች ናቸው።

ወላይታ በሁለቱም ውስጥ የለችም። በ1977 ወላይታም ተርባ ነበር፤ የዓለም ካሜራ ግን ወሎና ትግራይ ላይ ነበር። ሣጥን የያዘው ልጅም በአብዮቱ ፖስተር ውስጥ ቦታ አልነበረውም። ፋብሪካ ስለሌለው ወዛደር አይባልም፣ እርሻውን ትቶ ስለመጣ ገበሬ አይባልም። ሠርቶ ያድራል፤ ግን «ሠርቶ አደር» ሲባል ማንም እሱን አያስብም።

በዚያው ዘመን አንድ የተለየ ካሜራ ነበር። ኃይሌ ገሪማ በአብዮቱ ዋዜማ አገር ቤት መጥተው የቀረጹት «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተባለው ጥቁርና ነጭ ፊልም ድካምን ራሱን ያሳያል። ገበሬው ሲያርስ፣ ልጆች ከብት ሲጠብቁ፣ ካሜራው ተመልካቹ እስኪደክመው ድረስ ይቆያል። ፊልሙን ቀርፋፋ ነው የሚሉ አሉ። ግን ሥራው ራሱ ቀርፋፋ ነው፤ ጀርባ የሚያጎብጠውም ቀኑን ሙሉ ስለማያልቅ ነው።

▪️ አረንጓዴው ረሃብ

የዓለም ካሜራ ወላይታን በሰፊው ያገኛት ቆይቶ ነው። በ1986፣ በ1992፣ በ1995፣ በ2000 ዓ.ም. በወላይታና በአካባቢዋ የምግብ እጥረት ሲበረታ ጋዜጠኞች መጡ። መጥተውም ግራ ተጋቡ፤ አገሩ ለምለም ነው። እንሰቱ ቆሟል፣ ሣሩ አረንጓዴ ነው፣ ሕፃኑ ግን ከስቷል። «አረንጓዴ ረሃብ» የሚለው ስም የተለመደው በዚህ ጊዜ ነው።

እዚህ ላይ ካሜራ የማይችለው ነገር ታየ። የደረቀ መሬት ፎቶ ይወጣል፤ የጠበበ መሬት ግን አይወጣም። የወላይታ ችግር በአብዛኛው ሁለተኛው ነው። በ1999ኙ ቆጠራ ዞኑ 1.5 ሚሊዮን ሕዝብ ነበረው፤ አካባቢው በአገሪቱ ሕዝብ በብዛት ከሰፈረባቸው አንዱ ነው። ብዙ ቤተሰብ የሚያርሰው ከግማሽ ሄክታር በታች ነው። ለረጅም ዓመታት ወላይታን ያጠኑት ተመራማሪ ደሳለኝ ራህመቶ በ1960ዎቹ መጀመሪያ በዓለም ባንክ ገንዘብ ከተቋቋመው የወላይታ የእርሻ ልማት ድርጅት ጀምሮ እስከ ቅርብ ዘመን የመጡትን የልማት ሙከራዎች ገምግመዋል። ፕሮጀክት መጥቶ ፕሮጀክት ሄዷል፤ መሬቱ ግን ለልጅና ለልጅ ልጅ እየተከፈለ አንሷል። ስኳር ድንቹ በአንድ ወቅት ካልያዘ፣ እንሰቱን በሽታ ካጠወለገው፣ ቤተሰቡ የሚደገፍበት ሌላ ነገር የለውም። ከእጁ የሚቀረው ጉልበት ብቻ ነው፤ የልጁንም ጨምሮ።

በረሃቡ ጊዜ በእናቱ ክንድ ላይ ሆኖ ፎቶ የተነሳ የአምስት ዓመት ልጅ እናስብ። ፎቶው ለንደንና ኒውዮርክ ደርሶ እርዳታ አምጥቷል። ልጁ ዳነ። ከስድስት ዓመት በኋላ ሣጥን ተሸክሞ አዲስ አበባ ሲገባ ግን ፎቶ አንሺ አይጠብቀውም። ሊሞት የተቃረበ ልጅ ዜና ነው፤ ሠርቶ የሚኖር ልጅ ግን ለዜና አይበቃም። ረሃቡና ሣጥኑ የአንድ ታሪክ ሁለት ምዕራፎች መሆናቸው የማይታየን ለዚህ ነው።

የአውሮፓ የእርዳታ ድርጅቶች ይህን ስህተት ከ1977ቱ ረሃብ በኋላ ራሳቸው አምነው እ.ኤ.አ. በ1989 የምስል አጠቃቀም የሥነ ምግባር ደንብ አውጥተዋል። የተረጂውን ክብር የሚነካ፣ ምክንያቱን የሚሸፍን ምስል ይቅር የሚል ነው። የኛ አገር ካሜራ ግን ከዚያ ደንብ ትምህርት ወስዷል ለማለት ይከብዳል።

▪️ ሁለት የተሳሳቱ ምስሎች

ዛሬ ሊስትሮው የሚታይባቸው ሁለት ዋና መንገዶች አሉ።

አንደኛው የእንባ ምስል ነው። ስልክ የያዘ ወጣት ጫማውን ያስጠርጋል፤ ልጁ ሳያውቅ ይቀረጻል። ከዚያ ድንገት ብር ይሰጠዋል፣ ልጁ ይደነግጣል፣ ያለቅሳል፣ ሙዚቃ ይገባል። ቪዲዮው ብዙ ሺህ ሰው ያየዋል። ከዕይታው የሚገኘው ገንዘብ ግን የቀራጩ ነው። ልጁ በዚያ ቀን ሁለት ሥራ ሠርቷል፤ ጫማ ጠርጓል፣ ተውኗልም። የተከፈለው ለአንዱ ነው፤ የሁለተኛው ክፍያ «ስጦታ» ተብሎለታል።

ሁለተኛው የጀግና ምስል ነው። «የወላይታ ልጅ ሥራ አይንቅም»፣ «ከሊስትሮነት ተነስቶ ባለሀብት ሆነ»። ይህ ከመጀመሪያው ይሻላል፤ ቢያንስ ክብር አለበት፣ እውነትም አለበት። እቁብ ጥለው፣ ለአንድ ክፍል ኪራይ ተዋጥተው፣ ሱቅ የከፈቱ፣ ወንድም እህት ያስተማሩ ብዙ ናቸው። ሆኖም ውዳሴውም ይሸፍናል። አንዱ ባለሀብት ሲወደስ ትምህርቱን ከአራተኛ ክፍል ያቋረጡት፣ በብርድ ያደሩት፣ ሣጥናቸው በደንብ አስከባሪ የተወሰደባቸው ይረሳሉ። «ሥራ አይንቅም» የሚለው ምስጋናም ቀስ ብሎ «ለዚህ ሥራ የተፈጠረ ነው» ወደሚል ይዞራል።

በመካከሉ ደግሞ ሳቁ አለ። በድራማና በኮሜዲ የደቡብ ቅላጼ የሚሰጠው ለማን ነው? ለዘበኛው፣ ለቤት ሠራተኛዋ፣ ለሎተሪ አዟሪው፣ ለሊስትሮው። ወላይትኛ አፉን የፈታ ልጅ በሁለተኛ ቋንቋው በሰው ከተማ ገንዘብ ሲያገኝ ጉብዝና ነው መባል ሲገባው መሳቂያ ይሆናል። እስከ አብዮቱ ዘመን ሕዝቡ በመንግሥት ወረቀት ላይ ሳይቀር ራሱ በማይቀበለው የንቀት ስም ሲጠራ እንደኖረ ለሚያስታውስ ይህ ቀላል ቀልድ አይደለም።

▪️ ቁልፍ እየቆጠረ የሚለካ ፎቶ አንሺ

ካሜራ ለሚሠራ ልጅ ምን ሊያደርግ እንደሚችል ያሳየ ሰው አለ። ሉዊስ ሃይን ይባላል። አሜሪካዊ መምህር ነበር። እ.ኤ.አ. በ1908 የአገሪቱ የሕፃናት ጉልበት ኮሚቴ ቀጠረውና በጥጥ ፋብሪካ፣ በከሰል ማዕድን፣ በጎዳና የሚሠሩ ልጆችን ማንሳት ጀመረ። ጋዜጣ ሻጮችና ጫማ ጠራጊዎችም አሉበት። ፋብሪካዎች ስለሚከለክሉት መጽሐፍ ቅዱስ ሻጭ፣ ካርድ ሻጭ እየመሰለ ይገባ ነበር። የልጁን ቁመት ከራሱ ልብስ ቁልፎች ጋር እያስተያየ በዓይኑ ይለካል፤ እጁን ኪሱ ውስጥ ከትቶ በድብቅ ይጽፋል። ዕድሜ፣ የሥራ ሰዓት፣ ደመወዝ፣ ስም፣ ከተማ።

የሃይን ፎቶዎች ኃይል ከውበታቸው ይልቅ ከሥራቸው ያለው ጽሑፍ ነበር። ተመልካቹ «አቤት ሲያሳዝን» ብሎ እንዳያልፍ ሥራው፣ ሰዓቱና ክፍያው ፊቱ ላይ ተቀምጦለታል። ለውጡም በአንድ ጀምበር አልመጣም። እ.ኤ.አ. በ1916 የወጣውን ሕግ የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1918 ሻረው፤ ጸንቶ የቆየው ሕግ የወጣው በ1938 ነው። ሃይን ከሁለት ዓመት በኋላ ሞተ፤ ሲሞት ድሃ ነበር።

ከእሱ በፊት ስኮትላንዳዊው ጆን ቶምሰን እ.ኤ.አ. በ1877 የለንደንን የጎዳና ኑሮ ሲያነሳ ፈቃድ የሌለውን ጫማ ጠራጊ አንስቷል። ከፎቶው ጋር የታተመው ጽሑፍ የሚናገረው ለኛ አዲስ አይደለም። ለንደን ላይ ደንብ ልብስ ለብሰው በማኅበር የተደራጁ ጫማ ጠራጊዎች ነበሩ፤ ያልተደራጀውን ፖሊስ ያባርረዋል። ሣጥን ይዞ ደንብ አስከባሪ ሲመጣ የሚሮጠውን የኛን ልጅ ያየ ሰው ያንን ጽሑፍ ለመረዳት ማብራሪያ አይፈልግም።

▪️ ሕጉ የማያየው ሣጥን

ኢትዮጵያ ሕግ የላትም ማለት አይቻልም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 36 ልጆችን ከጉልበት ብዝበዛ ይጠብቃል። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ዝቅተኛውን የቅጥር ዕድሜ ከ14 ወደ 15 ከፍ አድርጎታል። ነገር ግን ሕጉ የሚያውቀው አሠሪና ሠራተኛን ነው። ሊስትሮው አሠሪ የለውም። ሣጥኑ የራሱ ነው፣ ብሩሹም ቀለሙም የራሱ ነው፣ በሃይላንድ የያዘው የሳሙና ውሃም የራሱ ነው። ካሜራው አድበስብሶት እንዳለፈ ሁሉ ሕጉም አልፎታል። በ2007 ዓ.ም. የተደረገው አገር አቀፍ ጥናት ከ5 እስከ 17 ዓመት ካሉት ልጆች 42.7 በመቶው፣ ወደ 16 ሚሊዮን የሚጠጉት፣ በሕፃናት የጉልበት ሥራ ላይ እንዳሉ አሳይቷል። አብዛኞቹ በገጠር፣ በቤተሰብ ማሳና በከብት ኋላ ናቸው። ሊስትሮው የሚታየው እኛ በምናልፍበት መንገድ ላይ ስለተቀመጠ ነው፤ ከኋላው ሚሊዮኖች አሉ።

ከሊስትሮው ይልቅ የማይታይ ሌላ ልጅ ደግሞ አለ፤ ሸማኔው። ከጋሞና ከወላይታ በዘመድ፣ በደላላ፣ «እናስተምረዋለን» ተብለው የመጡና አዲስ አበባ ውስጥ በጠባብ ቤት መወርወሪያ ሲወረውሩ የሚውሉ ልጆች ጉዳይ ለዓመታት ተጽፎበታል። የአሜሪካ የሠራተኛ ጉዳይ መሥሪያ ቤት በሕፃናትና በግዳጅ ጉልበት ይመረታሉ ብሎ ከዘረዘራቸው ዕቃዎች አንዱ የኢትዮጵያ የእጅ ሽመና ነው። ጥቁር፣ ቀይና ቢጫው ዱንጉዛ ዛሬ የኩራት ልብስ ነው፤ ባለሥልጣንም አርቲስትም ለብሶት ካሜራ ፊት ይቆማል። መኩራቱ ተገቢ ነው። ግን በዚያ ሁሉ ፎቶ ውስጥ ጨርቁ እንጂ ሸማኔው የለም፤ ዕድሜው ስንት እንደሆነ የሚጠይቅም የለም።

▪️ ስም ወይስ ጥበቃ?

እዚህ ላይ እውነተኛ ችግር አለ። የሃይን መንገድ ስም መጻፍ ነበር። የዛሬ የሕፃናት ጥበቃ ደንብ ደግሞ የልጅ ስምና ፊት እንዳይገለጥ ይላል። ሁለቱም ትክክል ናቸው። ስም የሌለው ልጅ ምልክት ብቻ ይሆናል። አሜሪካዊቷ ጸሐፊ ሱዛን ሶንታግ ሠራተኞችንና ስደተኞችን በማንሳት ዝነኛ የሆነውን የሰባስቲያዎ ሳልጋዶን ሥራ የተቸችው በዚሁ ነበር፤ ስማቸው የማይጻፈው አቅም የሌላቸው ብቻ ናቸው ብላ። በሌላ በኩል ዶሮቲያ ላንግ እ.ኤ.አ. በ1936 ያነሳቻት «ስደተኛዋ እናት» ማንነቷ የታወቀው ከ40 ዓመት በላይ ቆይቶ ነው፤ እሷም ፎቶው ባይነሳ ይሻል እንደነበር፣ ከፎቶውም ምንም እንዳላገኘች ተናግራለች። የድህነት ፎቶ ባለቤቱን ዕድሜ ልክ ይከተለዋል። በይነመረብ ላይ ሲሆን ደግሞ ይብሳል፤ የ11 ዓመቱ ልጅ ሲያለቅስ የተቀረጸው ቪዲዮ ነገ ሥራ ሲያመለክትም ይገኛል።

ከዚህ የሚያወጣ መንገድ አለ። የሚሸሸገው የልጁ ማንነት ይሁን፤ የሥራው እውነት አይሸሸግ። ፊቱ ባይታይም ስንት ሰዓት እንደሠራ፣ በቀን ስንት እንዳገኘ፣ ለማደሪያ ስንት እንደከፈለ፣ ወደ ቤት ስንት እንደላከ፣ ስንተኛ ክፍል እንደደረሰ፣ ሣጥኑን ማን እንደወሰደበት ይታይ። የኛ ልማድ ተቃራኒው ነው። ፊቱን በሙሉ ገልጠን ሒሳቡን እንደብቃለን።

በሌላ መንገድ የሞከሩም አሉ። በልጅነቱ አዲስ አበባ ላይ ጫማ ይጠርግ የነበረውና ኋላ በርሊን የኖረው ዳዊት ሻንቆ የሊስትሮ ልጆችን ሣጥኖች ከኢትዮጵያ ሰብስቦ ጀርመን አገር ለዕይታ አቅርቧል። በዚያ ዐውደ ርዕይ ሰው የሚያየው የሚያለቅስ ፊት አይደለም። የሥራ ዕቃ ነው፤ ባለቤቱ የቸነከረው፣ የቀባው፣ ያስጌጠው። ፎቶግራፈር አይዳ ሙሉነህም እ.ኤ.አ. በ2018 የሴቶችን የውሃ ሸክም በዳሎል በረሃ ስታነሳ የተለመደውን የችግር ፎቶ ትታ በደማቅ ቀለም፣ በተቀናበረ አቋም ሠርታዋለች። ሸክሙ አለ፣ ክብሩም አለ። ይቻላል ማለት ነው።

ልጁ ራሱም የራሱ ምስል አለው። በመስከረም የጊፋታ በዓል ሲደርስ ከየከተማው የወላይታ ልጆች ወደ አገራቸው ይጎርፋሉ። መኪናው ይሞላል። ልጁ ዓመቱን ሙሉ ባጠራቀመው ብር ለእናቱ ነጠላ፣ ለራሱ አዲስ ሱሪ ይገዛል። ጓደኞቹን ይዞ ፎቶ ቤት ይገባል፤ ወይም በስልክ ይነሳል። በዚያ ፎቶ ላይ ቆሟል፤ ቀጥ ብሎ ያያል፤ ጫማውም ተጠርጓል። ሣጥኑ የለም። እንዲህ ሆኖ መታየት እንደሚፈልግ እየነገረን ነው።

ያ ፎቶ ግን ብቻውን አይበቃም፤ ሣጥኑን ማንሳት ሥራውን አያጠፋውም። የሚያስፈልገው ሁለቱን ጎን ለጎን ማየት ነው፦ የጊፋታውን ልጅና የሣጥኑን ልጅ፣ አንድ ሰው መሆኑን ሳይረሱ። ጋዜጠኛ ይህን መሥራት ይችላል፣ ድራማ ጸሐፊም ይችላል። የወላይታ ሶዶ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎችም በራሳቸው ከተማ፣ በራሳቸው ቋንቋ ሊሠሩት ይችላሉ፤ ምናልባትም ከሁሉ ይልቅ እነሱ። በ2015 ዓ.ም. አዲስ ክልል ሲመሠረት የፖለቲካና የአስተዳደር መቀመጫ የሆነችው ሶዶ ስለ ገጽታዋ የምትጨነቅ ከሆነ ልጆቹን ከጎዳና ዞር ማድረግ ገጽታ ግንባታ አይደለም። እነሱን ቆጥሮ፣ የሚማሩበትን ፈረቃ አመቻችቶ፣ ሣጥናቸው እንዳይነጠቅ ማድረግ ግን ነው።

አንባቢ ሆይ፣ ነገ ጠዋት ምናልባት እግርህን ወይም እግርሽን አንዱ ሣጥን ላይ ታስቀምጡ ይሆናል። ልጁ አንዱን ጫማ ሲጨርስ ሣጥኑን በብሩሹ መታ ያደርጋል፤ እግር ቀይሩ ማለቱ ነው። ስልኩ ኪስ ውስጥ ይቆይ። በዚያች ጊዜ ስንተኛ ክፍል እንደሆነና ስንት ሰዓት ላይ ሥራ እንደጀመረ ጠይቁት። መልሱን ስሙት፣ ሒሳቡንም ሳትከራከሩ ክፈሉ።